ለባላባቱ ማን አጨበጨበ?

አንድ ቀን፣ ያውም ከዚህ ርቆ ሀንጋሪ አገር፣ ቡዳፔስት በሚሉት ከተማ፣ አንድ ባላባት መድረክ ላይ ብቅ ቢል ቲያትር ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። ባላባቱ እውነተኛ ባላባት አይደለም፣ ተዋናይ ነው። ጭብጨባው ግን እውነተኛ ነበረ፤ ጣጣው ሁሉ የመጣውም ከዚያ ነው።

ተዋናዩ ታርካኒ ገርገይ ይባላል። እዚያ አገር የዘር ስም ይቀድምና የራስ ስም ይከተላል፤ እኛ ግን ነገር አናብዛ፣ ታርካኒ እንበለው። ታርካኒ ባላባት ሆኖ ሲጫወት ያየው ሰው ሁሉ በማርና በወተት ያደገ ይመስለው ነበር። ውሸት! የጫማ ሰፊ ልጅ ነው። ያደገው አባቱ ሱቅ ወለል ላይ ነው። መኳንንቱ ጫማ ሊለኩ ሲመጡ ለሱ የሚታየው ከጉልበታቸው በታች ያለው ብቻ ነበርና፣ መኳንንትነትን የተማረው ከእግር ነው። ሲኮሩ ተረከዛቸውን እንዴት እንደሚያሳርፉ፣ ሲዋሹ የጫማቸው አፍንጫ ወዴት እንደሚዞር፣ ሲፈሩ እንዴት አድርገው እንደሚቆሙ ሁሉንም ያውቃል። ፊታቸውን ያየው ካደገ በኋላ ነው፤ አይቶም «ይኸው ነው እንዴ?» አለ ይባላል።

ጎረምሳ ሲሆን ከአንድ ተዘዋዋሪ የቲያትር ቡድን ጋር ከቤቱ ጠፋ። መጀመሪያ የሰጡት የፈረስ የኋላ እግር ነው፤ ቡናማ ጨርቅ ለብሶ፣ ጎንበስ ብሎ፣ የፊተኛውን ሰው ወገብ ይዞ መከተል። ቀጥሎ አሽከር ሆነ፣ ቀጥሎ የአሽከር አለቃ። አንድ ምሽት ባላባት ሆኖ የሚጫወተው ሰውዬ ጠጥቶ መነሣት አቃተውና፣ ጭራ ያለውን ጥቁር ኮት ለታርካኒ አለበሱት። ከመጋረጃው እስከ ወንበሩ ተራመደ። ሌላ ምንም አላደረገም፣ ተራመደ ብቻ። አዳራሹ ጸጥ አለ። በቃ! ከዚያ ወዲያ ኮቱን ማን ያስወልቀው! ሲኒማ ሲመጣ ሲኒማም ባላባት አደረገው። ጸጉሩን በቅባት አስተኝቶ፣ በአንድ ዓይኑ ክብ መነጽር ሰክቶ፣ የሰው ሚስት እጅ ሲስም፣ በየሲኒማ ቤቱ የተቀመጠች ሴት ሁሉ የገዛ እጇን ታይ ነበር።

ከዚያ ጦርነት መጣ። ፊልም የሚሠራበት ቤት ተቃጠለ፣ ድልድዮቹ ዳኑብ ወንዝ ውስጥ ወደቁ፣ ከተማዋም ተከበበች። ሕዝቡ ምድር ቤት ገባ፤ ታርካኒም ከጎረቤቶቹ ጋር ገባ። ያን ክረምት ሰው የሚበላው አጥቶ መንገድ ላይ የሞተ ፈረስ ይቆርጥ ነበር። ታርካኒ ግን ነጭ ጨርቅ አንገቱ ሥር ይሸጉጥና፣ አንዲት የጠወለገች ካሮት በሹካና በቢላ እየቆረጠ፣ «አስተናጋጅ! የዛሬው ሚዳቋ ትንሽ ጠንከር ብሎብኛል» ሲል ምድር ቤቱ በሳቅ ይፈርሳል። ከላይ ቦምብ፣ ከታች ሳቅ። ሕዝብ እንዲህ ያለውን ሰው አይረሳም። እንዴትስ ይርሳው!

ስለዚህ ጦርነቱ አልቆ ቲያትር ቤቱ ሲከፈት፣ ታርካኒ ገና እግሩን መድረክ ላይ ከማሳረፉ ጭብጨባው ፈነዳ። እዚያ አገር ወጉ ነው፤ የሚወዱት ተዋናይ ሲገባ፣ አንድ ቃል ሳይተነፍስ፣ ያጨበጭቡለታል። እንኳን ደህና መጣህ እንደ ማለት ነው። መጀመሪያ እንደ ፈንዲሻ እዚህም እዚያም ጧ ጧ ይላል፤ ትንሽ ሲቆይ ይገጥምና የአዳራሹ እጅ ሁሉ እንደ አንድ እጅ ይመታል። አንዴ ከገጠመ ወዲያ ማቆሚያ የለውም። ተዋናዩ እስኪያልፍ ድረስ ቆሞ መጠበቅ ነው።

ከዚያ ደግሞ መንግሥት ተለወጠ። ባላባት ተሻረ፣ ጌታና እመቤት መባባል ቀረ፣ ሁሉም ጓድ ሆነ። ይህን ለኛ ሰው ማስረዳት ለቀባሪው ማርዳት ነውና አልገባበትም። ቲያትር ቤቱም የመንግሥት ሆነና ጓድ ኮቫሪክ የሚባል ሥራ አስኪያጅ ተሾመለት።

ኮቫሪክ ወፍራም፣ አንገቱ አጭር፣ ድምፁ ትልቅ ሰው ነው። ከሹመቱ በፊት ቲያትር ቤት የገባው አንዴ ነው አሉ፤ እሱም ዝናብ አባርሮት። ታዲያ የማያውቀው ነገር አልነበረም! ለመብራት ሠራተኛው ስለ መብራት፣ ለሙዚቀኛው ስለ ቫዮሊን፣ ስታለቅስ ለምትውለው ተዋናይት ስለ እንባ ያስተምራል። ስብሰባ በተጠራ ቁጥር ደግሞ የምትደገም አንዲት ንግግር ነበረችው።

«ትወና ምንድነው?» ይላል። «ምንም! ትክክለኛ አቋም ይኑረው እንጂ ማንም ሰው ይሠራዋል።»

ተዋንያኑም ያጨበጭባሉ። ምን ያድርጉ? ጎመን በጤና።

አዲሱ መንግሥት አዲስ ቲያትር አዘዘ። ታሪኩ ቀላል ነው። አንድ ጀግና ትራክተር ነጂ አለ፤ መሬቱን የተነጠቀ አድኃሪ ባላባት አለ። ባላባቱ ሊበቀል ብሎ የገበሬዎቹን ማኅበር ጎተራ በእሳት ያያይዛል። በመጨረሻ የመንደሩ ዘበኛ መጥቶ «ጊዜህ አበቃ፣ ተከተለኝ!» ይልና ይዞት ይሄዳል። ትራክተር ነጂው በየመሀሉ ንግግር ያደርጋል። ባላባቱን ማን ይጫወት ቢባል፣ አረማመዱን ከነኮቱ የያዘ በዚያ ከተማ የቀረው አንድ ሰው ነው። ታርካኒን አዘዙት።

ቲያትሩ የተከፈተ ዕለት ትራክተር ነጂው ገባ። ሁለት ሰዎች አጨበጨቡ፤ አንዷ እናቱ ናት። ቀጥሎ ባላባቱ ገባ። ጉድ ፈላ! ጧ ጧ አለ፣ ገጠመ፣ ጣሪያው ላይ ያለው አቧራ ሳይቀር ወረደ። ያ አድኃሪ፣ ያ ጎተራ አቃጣይ፣ እንደ ሙሽራ ተጨበጨበለት። ሕዝቡ ያጨበጨበው ለዚያች ካሮት ነው፣ ለዚያ ክረምት ነው። ኮቫሪክ ግን ስለ ካሮት ምን ያውቃል? በነጋታው ታርካኒን ቢሮው አስጠራው።

«ጓድ ታርካኒ፣ ትናንት ምን አደረግህ?»

«ገባሁ።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ምን አስቻሉኝ፣ ቆሜ ጠበቅሁ።»

«ሕዝቡ ለመደብ ጠላት አጨበጨበ!» ኮቫሪክ ጠረጴዛውን መታ። «ለመደብ ጠላት! ይህ ነገር በላይ ቢሰማ ማን ነው የሚጠየቀው? እኔ ነኝ! የፊታችን ቅዳሜ ጓድ ባርታ ከሚኒስቴር ትመጣለች። ጓድ ባርታ ስትስቅ ያያት ሰው የለም። በዚያ ቀን አንተ ስትገባ አንዲት እጅ፣ አንዲት ብቻ፣ ብታጨበጭብ መድረክ ለአንተ አበቃለት። ተግዘህ ሜዳው አገር ሄደህ ሽንኩርት ታርማለህ።»

«ታዲያ እኔ የሰው እጅ እንዴት አድርጌ ልያዝ?»

«እሱን አንተ ታውቃለህ። ማስጨብጨብ ካወቅህ ማስቆሙንም እወቅ!»

ነገሩ ቀልድ አልነበረም። በዚያ ዘመን ስንቱ ጓዙን ጠቅልሎ በካሚዮን ተጭኖ ሄዷል። ታርካኒ ሽንኩርቱን አልፈራም፤ አፈር ገፍቶ መብላት ክብር እንጂ ነውር የለውም። የፈራው መድረኩን ማጣት ነው። ሚስት አላገባ፣ ልጅ አልወለደ፤ ቤት ብሎ የሚጠራው ከመጋረጃው ወዲያ ያለችውን ጣውላ ብቻ ነው። እሷን ከነጠቁት ምን ቀረው?

ከዚያ ትግል ተጀመረ። መጀመሪያ ኮቫሪክ ራሱ በሩ ላይ ማስታወቂያ አስለጠፈ፤ «ተዋናይ ሲገባ ማጨብጨብ የፊውዳሊዝም ርዝራዥ ነው» የሚል። ሕዝቡ ቆሞ አነበበ፣ ራሱን ነቀነቀ፣ ገባ፣ ከትናንቱ አብልጦ አጨበጨበ።

በማግስቱ ባላባቱ በጨለማ ይግባ ተባለና መብራት ጠፋ። ታርካኒ ትንፋሹን ዋጥ አድርጎ፣ ጣውላው እንዳይሰማ እየሰጋ ገባ። ከፊት ወንበር አንዲት ወይዘሮ «አረጋገጡ የሱ ነው!» አለች። አለቀ፤ በጨለማ አጨበጨቡ። የሰው ፊት በማይታይበት ደግሞ ማጨብጨብ እንዴት ያለ ነፃነት ነው መሰላችሁ!

የልብስ ክፍሉ ኃላፊ እትዬ ኤቴል የሚሏት አሮጊት ነበረች። ታርካኒ እሷ ዘንድ ሄዶ ጫማው ላይ የሚደረብ የሱፍ ካልሲ፣ እስከ ደረቱ የሚወርድ ጢም፣ እስከ ጆሮው የሚዘልቅ ባርኔጣ ለመነ። ያን ሁሉ ለብሶ፣ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ፣ በጀርባው ገባ። «ውይ፣ ጀርባውም ያምርበታል!» አለ አንዱ ከሰገነቱ። ጧ ጧ ጧ።

ዓርብ ዕለት የመጨረሻውን ሞከረ። ገባና ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ፣ ሁለት እጁን አጣምሮ፣ በዓይኑ «እባካችሁ፣ በፈጠራችሁ» ብሎ ለመናቸው። እውነቱን ነው የለመናቸው፣ ከልቡ። ሕዝቡ አዲስ ቀልድ ያመጣላቸው መስሏቸው በሳቅ ፈረሱ። ያን ቀን የተጨበጨበውን ያህል ተጨብጭቦ አያውቅም።

ታርካኒ እትዬ ኤቴል ክፍል ገብቶ ወንበር ላይ ዝርፍጥ አለ።

«እትዬ ኤቴል፣ ወጥቼ ‹ጥሉኝ፣ አትውደዱኝ› ብላቸው ምን ይሉኛል?»

«ያጨበጭቡልሃላ!» አለች መርፌዋን ከአፏ ሳታወጣ።

ሳቀ፤ እየሳቀም ዓይኑ እንባ አቀረረ። ደስ ብሎታል፣ ፈርቷልም። ሁለቱ ባንድ ሆድ ሲገቡ ሰው አያስተኙም።

ቅዳሜ ደረሰ። ጓድ ባርታ መጣች፤ ቀጭን፣ ግራጫ የለበሰች፣ ፊቷ እንደ ተዘጋ መስኮት የሆነ ሴት። ከመድረኩ ጎን በክብር ቦታዋ ተቀመጠችና ሁለት እጇን ጭኗ ላይ አስቀመጠች። ጭብጨባው እንደ ተከለከለ በከተማው ተወርቶ ኖሮ፣ ሕዝቡ ጓንቱን አውልቆ ነው የተዘጋጀው። ከዚያ በኋላ የሆነውን ልንገራችሁ? አልነግራችሁም፣ ታውቁታላችሁ። የጓድ ባርታ እጅ ግን ከጭኗ ንቅንቅ አላለም።

ሰኞ ጠዋት ስብሰባ ተጠራ። ተዋንያኑ፣ ሙዚቀኞቹ፣ የመብራት ሠራተኞቹ፣ እትዬ ኤቴል ሳትቀር መድረኩ ላይ ወንበር ደርድረው ተቀመጡ። ጓድ ባርታ ዳር ላይ ተቀመጠች። አጀንዳው ሂስና ግለ ሂስ ነው፤ ሂሱ የኮቫሪክ፣ ግለ ሂሱ የታርካኒ።

ኮቫሪክ ብዙ ተናገረ። ጭብጨባ የማን መሣሪያ እንደ ሆነ አብራራ። ትወና ምንም እንዳይደለ፣ ትክክለኛ አቋም ያለው ማንም ሰው እንደሚሠራው እንደ ልማዱ ደገመ። ላቡን ጠረገና ወደ ታርካኒ ዞረ።

«ጓዶች! እኔ የምጠይቀው ትልቅ ነገር ነው? መድረክ ላይ ሲገባ አንዲት እጅ የማታጨበጭብለት ባላባት ስጡኝ ነው የምለው! አንድ እንዲህ ያለ ሰው ከዚህ ቤት ይጠፋል? ጓድ ታርካኒ፣ ዕድሜዬን በሙያው ጨረስሁ ባይ አንተ ነህ። እስቲ ንገረን፣ ሕዝቡ የማያጨበጭብለት ሰው ታውቃለህ?»

ታርካኒ ተነሣ። ይቅርታ ሊጠይቅ ነበር፤ ሌሊቱን ሲያጠናው ያደረ የይቅርታ ንግግር ነበረው። ግን ምን ያድርግ፣ የተወለደው ከነአፉ ነው።

«አንድ አውቃለሁ» አለ።

«ማን?»

«እርስዎ።»

የሁሉም አንገት ወደ ኮቫሪክ ዞረ። 

«እርስዎ ቢገቡ፣ ጓድ ሥራ አስኪያጅ፣ በዚህ አዳራሽ አንዲት እጅ እንዳትነቃነቅ እኔ ዋስ እሆናለሁ።»

ቫዮሊኒስቱ መሀረቡን አፉ ውስጥ ጎሰጎሰ። ትራክተር ነጂው ሳል የያዘው መስሎ ጎንበስ አለ። ኮቫሪክ ቲማቲም መሰለ።

«ይህ... ይህ ንቀት ነው! እኔ ተዋናይ አይደለሁም!»

«ምን ችግር አለው?» አለ ታርካኒ፤ አንዴ ከገባበት ወዲያ መመለሻ የለውማ። «ትክክለኛ አቋም ያለው ማንም ሰው ይሠራዋል ብለውን የለም እንዴ? በአቋም ደግሞ ከእርስዎ የሚበልጥ እዚህ ማን አለ?»

ሁሉም ዓይኑን ወደ ጓድ ባርታ መለሰ። ጓድ ባርታ አልሳቀችም። ቀልድ መሆኑም የገባት አይመስልም። ጥቂት አሰበችና «ሐሳቡ ትክክል ነው» አለች።

«ምን አሉ?» አለ ኮቫሪክ።

«አመራር በተግባር ነው የሚታየው። የፊታችን ቅዳሜ ባላባቱን አንተ ትጫወታለህ።»

«እኔ? ግን እኮ ጓድ ባርታ፣ እኔ...»

«አቋምህ ትክክል አይደለም እንዴ?»

እስቲ በሞቴ፣ በዚያ ዘመን ይህን ጥያቄ ማን «አይደለም» ብሎ ይመልሳል? ኮቫሪክ «ነው» አለ። ጓድ ባርታ ቦርሳዋን አነሣች። «የጓድ ታርካኒን ጉዳይም ያን ቀን እዚሁ እንቆርጠዋለን» አለች። «ከሕዝብ ወገን መሆን ከቻለ ይቆያል። ካልቻለ ሽንኩርት።»

ኮቫሪክ በንዴት ተቃጥሏል። ታርካኒን የት ልወሽቀው ብሎ የቲያትሩን ሚናዎች ሁሉ በሐሳቡ አሰሰ። ትንሿን፣ የመጨረሻዋን፣ ሕዝቡ ካፖርቱን ፍለጋ ከወንበር በታች በሚያጎነብስበት ሰዓት የምትመጣዋን አገኘ። «ዘበኛውን ይጫወት!» አለ። «አንዲት ቃል ተናግሮ የሚወጣውን!» አያችሁ አይደል፣ በገዛ እጁ! የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው ይኼ ነው።

ሳምንቱን ኮቫሪክ ሲለማመድ ከረመ። ታርካኒ አንጀቱ አልችል ብሎት «ጓድ፣ ባላባት ሲቆም ተረከዙን እንዲህ ነው...» ቢለው፣ «አታስተምረኝ!» ብሎ አባረረው። ጭራ ያለው ኮት አልገባ አለ። እትዬ ኤቴል ጀርባውን ተርትራ በጥቁር ክር አያያዘችው።

«ጓድ፣ እንደ ምንም ብለው አይተንፍሱ» አለችው።

ቅዳሜ ማታ አዳራሹ ጢም አለ። ኮቫሪክ ከመጋረጃው ጀርባ ቆሞ የሕዝቡን ጉርምርምታ ሲሰማ አንድ ነገር ሆነ። እንግዲህ ሰው ነውና፣ አማረው! ምናልባት ለኔም ያጨበጭቡ ይሆን አለ በልቡ። እንዳያጨበጭቡ ለማድረግ እንደ ገባ እንኳ ረሳው።

ገባ። ልክ ታርካኒ ይቆምባት በነበረው ቦታ ቆመ፣ ደረቱን ነፋ፣ ጠበቀ።

ምንም።

ጠበቀ። አንድ ሰው ከረሜላ ሲገልጥ ተሰማ። ከመድረኩ ፊት ጉድጓድ ውስጥ ተቀምጦ ለተዋንያን ቃል የሚያስታውሰው ሰውዬ፣ ቃሉ የጠፋበት መስሎት፣ የመጀመሪያውን፣ «ወይኔ መሬቴ!» የሚለውን አንሾካሾከለት።

«አውቃለሁ!» አለ ኮቫሪክ፤ እስከ ሰገነቱ ድረስ ተሰማ።

ከዚያ ወዲያማ አትጠይቁኝ። መነጽሩ ከዓይኑ ወልቆ መድረኩ ላይ ለራት ከቀረበለት ሾርባ ውስጥ ገባ። ጎተራውን ሊያቃጥል ክብሪት ቢጭር እምቢ አለው፤ ቢጭር እምቢ፤ በመጨረሻ የመብራት ሠራተኛው አዝኖለት ያለ ክብሪት ቀዩን መብራት አበራለት። ከኋላው የኮቱ ክር በያንዳንዱ ቃል ጠሽ ይላል። ሕዝቡም ዝም። የታዘዘውን አደረገ፣ አንዲት እጅ አልተነሣችም። ጓድ ባርታ ቦታዋ ላይ ቀጥ ብላ ታያለች።

ታርካኒ ከመጋረጃው ጀርባ የዘበኛውን አሮጌ ካፖርት ለብሶ ቆሟል። ከወጣትነቱ ጀምሮ ጭራ ካለው ኮት ሌላ ለብሶ መድረክ አልወጣምና ራቁቱን የቆመ መሰለው። ይቺ አንዲት ቃል የመጨረሻዬ ትሁን ይሆን እያለ ነው። ከዚያ እግሩን አየ። በባላባት እግር ዘበኛ ሆኖ አይገባም። የማን እግር ይዋስ? የአባቱ ትዝ አለው፤ ቀኑን ሙሉ ጫማ ላይ አጎንብሶ ውሎ ማታ ጉልበቱን እየደገፈ የሚነሣው፣ ግን ሰው ቢሰድበው ቀና ብሎ ቀስ እያለ የሚመጣው። በአባቱ እግር ገባ።

አዳራሹ ዝም አለ። አላወቁትም! ታርካኒ ልቡ ስንጥቅ አለ። አንድ እርምጃ፣ ሌላ እርምጃ፤ ጸጥታ። ደግሞ ከሰገነቱ አንድ ድምፅ መጣ፦

«እናንተ፣ እሱ እኮ ነው!»

ኧረ ምን ይወራል! ጧ ጧ አለ፣ ገጠመ፣ ሰው ከወንበሩ ተነሣ። ታርካኒ ቆሞ ጠበቀ። እስኪያልፍ ከጠበቀ በኋላ ኮቫሪክን ከላይ እስከ ታች አየው፤ ሾርባ የነካውን መነጽር፣ የተተረተረውን ጀርባ። እጁን ትከሻው ላይ አሳረፈ።

«ጊዜህ አበቃ» አለው። «ተከተለኝ።»

ይዞት ወደ መውጫው ሲያመራ፣ ቅድም የተጨበጨበው እንደ ልምምድ ተቆጠረ። እጅ ብቻ አይደለም፣ እግርም መታ። ሴቱ አለቀሰ፣ ወንዱ ባርኔጣውን ወረወረ። ታርካኒ በዓይኑ ጥግ ወደ ክብር ቦታው አየ። ጓድ ባርታ ብድግ ብላ ቆማለች። የመደብ ጠላት ሲያዝ ሕዝብ እንዲህ ሲደሰት ከማየት በላይ ለሷ ምን አለ? ታጨበጭባለች! ፊቷም፣ አምላክ ያሳያችሁ፣ ፈገግ ሊል ምንም አልቀረው። ሽንኩርቱ በዚያው ቀረ።

ከመጋረጃው ጀርባ እንደ ደረሱ ኮቫሪክ ቀጥ አለ። ጭብጨባው አሁንም አልቆመም። ላቡ እየወረደ፣ ዓይኑ እንደ ሕፃን ዓይን ተስፋ አድርጎ፣ የታርካኒን ካፖርት ያዘ።

«ጓድ ታርካኒ» አለ በለሆሳስ፣ «እውነቱን ንገረኝ። ይኼ አሁን የሚያጨበጭቡት ለማን ነው?»

«ለእርስዎ ነው እንጂ፣ ጓድ ሥራ አስኪያጅ!» አለ ታርካኒ። «ለኔማ የሚያጨበጭቡት ስገባ ነው። ይኼ እርስዎ ስለ ወጡ ነው።»

ኮቫሪክ ደስታው እንባ ሆኖ መጣ። የታርካኒን እጅ ጨበጠ፣ የቀረውን ኮት አስተካከለ፣ እጅ ሊነሣ ተመልሶ መድረክ ላይ ወጣ። ጭብጨባው ቀጥ አለ። እጅ ነሥቶ ሲመለስ ቀጠለ።